ኮባያሺ ክብረ ወሰኑን በእጥፍ ያሳደገው በሆዱ ነው ወይስ በዘዴው?

ማዕዶት፦

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ናታንስ የተባለው የሆት ዶግ (ቋሊማ በዳቦ) ድርጅት በየዓመቱ ጁላይ 4 ኒው ዮርክ፣ ኮኒ አይላንድ ላይ ስለሚያካሂደው የሆት ዶግ መብላት ውድድር አጭር የሬዲዮ ዝግጅት እየሠራሁ ነው። ዋናው ባለታሪክ ጃፓናዊው ታኬሩ ኮባያሺ ነው። እ.ኤ.አ. በ2001 ገና ለመጀመሪያ ጊዜ ቀርቦ ክብረ ወሰኑን ከ25 ወደ 50 እንዳደረሰው በየቦታው ተጽፏል። እንዴት እንዳደረሰው የሚያስረዳኝ ግን አላገኘሁም፤ «ሰውየው ሆዱ ልዩ ነው» ብለው ያልፉታል። ቋሊማውንና ዳቦውን በትክክል ምን ያደርጋቸው ነበር? ከእሱ በኋላ የመጡትስ ምን ጨመሩበት? ሰውነት ይህን ሁሉ የሚችለው እንዴት ነው? ኋላስ ምን ያስከፍላል? ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ብትጽፉልኝ ይቀለኛል። የምታውቁ ዘርዘር አድርጉልኝ።

ጌች_ኦክላንድ፦

ማዕዶት፣ በዘዴው ነው። ሆዱ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

የቀድሞው ክብረ ወሰን በ12 ደቂቃ 25 ከአንድ ስምንተኛ ነበር። ብታካፍዪው ለአንድ ሆት ዶግ 29 ሰከንድ ገደማ ይደርሰዋል። በዚህ ፍጥነት የሚበላን ሰው ቀድሞ የሚያቆመው ሆዱ ሳይሆን አፉ ነው። ዳቦው አፍ ውስጥ ይከማቻል፣ ምራቅ ያልቃል፣ መንጋጋ ይዝላል። የዚያን ጊዜ ተወዳዳሪዎች ማንም ሰው መንገድ ላይ ቆሞ እንደሚበላው ነበር የሚበሉት፦ ከጫፍ መግመጥ፣ ማኘክ፣ ውሃ ማስከተል። ከሌላው ሰው የሚለዩት በመፍጠናቸው ብቻ ነበር። ኮባያሺ የ23 ዓመት ወጣት ነው፣ የተማረው ኢኮኖሚክስ ነው። ብዙ ለመብላት ከመታገል ይልቅ አንዷ ሆት ዶግ በምን መንገድ ብትገባ ትቀላለች የሚለውን ይዞ ተቀመጠ። ልምምዱን በቪዲዮ ቀረጸ፣ እያንዳንዱን ሙከራ በሠንጠረዥ መዘገበ፣ ያልሠራለትን እየጣለ የሠራለትን ያዘ።

የደረሰበት እንዲህ ነው። መጀመሪያ ቋሊማውን ከዳቦው ውስጥ ያወጣዋል። ቋሊማው ቅባት ያለው፣ እርጥብና ለስላሳ ስለሆነ ሁለት ሦስት ጊዜ ታኝኮ ይወርዳል። ዳቦው ደረቅ ነው፣ ምራቅ ይመጥጣል፣ ምላስና ላንቃ ላይ ይለጠፋል። ሁለቱ አብረው ሲታኘኩ ፈጣኑ ቋሊማ ዘገምተኛውን ዳቦ ሲጠብቅ ጊዜ ይባክናል። ለየብቻቸው ሲሆኑ ግን እያንዳንዱን በሚመቸው መንገድ ማስተናገድ ይቻላል።

ቀጥሎ ቋሊማውን ከመሃሉ ለሁለት ይሰብርና ግማሾቹን ጎን ለጎን አድርጎ በአንድ ጊዜ ወደ አፉ ያስገባል። ይህን የንጉሥ ሰሎሞንን ፍርድ አስታውሰው «የሰሎሞን ዘዴ» ይሉታል። ጥቅሙ ሁለት ነው። አንደኛ፣ በግራም በቀኝም ያሉት መንጋጋ ጥርሶች እኩል ይሠራሉ። ሁለተኛ፣ የመቁረጡን ሥራ እጅ ይጨርሰዋል፤ እጅ ደግሞ እንደ መንጋጋ ቶሎ አይደክምም። ቀኝ እጁ ቋሊማውን ሲያስገባ ግራ እጁ የሚቀጥለውን ዳቦ ውሃ ውስጥ እየነከረ ነው። ሁለቱ እጆች አንዴም ሥራ አይፈቱም።

አሁን ዳቦው። ለብ ያለ ውሃ በያዘ ኩባያ ውስጥ ይነክረዋል፣ ወዲያው ያወጣዋል፣ በጭብጡ ጨመቅ አድርጎ ውሃውን ያወጣለታል፣ የቀረውን ጠቅልሎ ይጎርሰዋል። ውሃው ለብ የሚለው በምክንያት ነው። ቀዝቃዛ ውሃ የቋሊማውን ስብ አፍ ውስጥ ያረጋዋል፣ ዳቦውንም ቶሎ አያለዝበውም። መጭመቁም እንደዚያው ነው። እያንዳንዱ ዳቦ 30 ሚሊ ሊትር ውሃ ይዞ ቢገባ ለ50 ዳቦ 1.5 ሊትር ውሃ ሆድ ውስጥ ቦታ ያዘ ማለት ነው። በልምምድ ጊዜ ውሃው ላይ ጥቂት የአትክልት ዘይት እስከ መርጨት ደርሷል፣ እንዲያንሸራትት ብሎ።

ጀማሪዎች የሚበላሽባቸው እዚህ ጋ ነው። ዳቦውን ኩባያው ውስጥ ሲያቆዩት ይፈርሳል። የፈረሰው ኩባያው ሥር ይቀራል፣ ዳኞች ደግሞ የተረፈውን ፍርፋሪ ገምተው ከውጤቱ ይቀንሳሉ። አፍ ውስጥ ያለው ሳይታኘክ ሌላ መጨመርም ሌላው ስሕተት ነው። በመጀመሪያው ደቂቃ የሚያስቀድም ይመስላል፣ በሦስተኛው ደቂቃ ግን ጉሮሮ ላይ ተጠቅጥቆ ያስቆማል። ዛሬ ዳቦውን ከ5 ሰከንድ በላይ ውሃ ውስጥ ማቆየት በደንቡ ተከልክሏል።

ቪዲዮውን ካየሽው ኮባያሺ ሲበላ ወገቡን እያወዛወዘ ይዘላል። ለትዕይንት የሚያደርገው የሚመስላቸው አሉ። ተጠቅጥቆ የወረደው ምግብ እንዲደላደል ነው። በፍጥነት ሲዋጥ አየር አብሮ ስለሚገባ ቆም እያሉ ማግሳትም የዘዴው አካል ነው፤ ያላገሳ ሰው ለአየር ቦታ ይከፍላል።

በዚያ ቀን ለአንድ ሆት ዶግ 14.4 ሰከንድ ወሰደበት። አዘጋጆቹ ያን ያህል ይደርሳል ብለው ስላልጠበቁ የቁጥር ሰሌዳቸው አለቀባቸው፤ የቀረውን ቢጫ ወረቀት ላይ በእጅ እየጻፉ አሳዩ። ከእሱ በኋላ የነገሠው አሜሪካዊው ጆይ ቼስትነት በ2021 በ10 ደቂቃ (ጊዜው ኋላ ከ12 ተቀንሷል) 76 ሲበላ ደግሞ አንዷ 7.9 ሰከንድ ብቻ ነው የፈጀችው። በዚህ ፍጥነት የመጀመሪያው ደቂቃ ላይ ከአሥር በላይ ይወርዳል፣ መጨረሻው ላይ ወደ ስድስት ያሽቆለቁላል። ስለዚህ ቪዲዮ ስታዪ የመጀመሪያውን ደቂቃ ተዪውና ስድስተኛውንና ሰባተኛውን ተመልከቺ። ውድድሩ የሚለየው እዚያ ነው።

ሲስተር ትርሲት፦

ጌች የአፉን ሥራ አሟልቶ ጽፎታል። እኔ ከጉሮሮ በታች ያለውን ልጨምር፤ እግረ መንገዴንም «ሆድ ሁለተኛ ነው» የሚለውን በመጠኑ ላርመው። ከ25 ወደ 50 ያደረሰው ዘዴ ነው፣ እስማማለሁ። ከ50 ወደ 76 ያለው ግን በዘዴ ብቻ አይገኝም። ዘዴውን በሁለት ዓመት ውስጥ ሁሉም ቀድቶታልና።

ጨጓራ ባዶውን ሲሆን የሚይዘው ከ100 ሚሊ ሊትር በታች ነው። ምግብ ሲገባ ግድግዳው ላላ ብሎ እስከ አንድ፣ አንድ ተኩል ሊትር ያለ ጭንቀት ይቀበላል። ከዚያ በላይ ሲወጠር ግድግዳው ላይ ያሉ ነርቮች ለአንጎል «በቃ» ይላሉ፣ ማቅለሽለሽ ይጀምራል፣ ካልቆመም ያስመልሳል። በሆርሞን የሚመጣው የጥጋብ ስሜት ግን 20 ደቂቃ ገደማ ይፈልጋል። ውድድሩ 10 ደቂቃ ስለሆነ ሆርሞኑ ሳይደርስ ያልቃል፤ ተወዳዳሪው የሚታገለው ከመወጠሩ ስሜት ጋር ብቻ ነው።

ይህን በምስል ያየ ጥናት አለ። የፔንሲልቫኒያ ዩኒቨርሲቲ ሐኪሞች በ2007 ያሳተሙት ነው። አንድ ባለሙያ ተወዳዳሪና አንድ ጥሩ በላተኛ የሆነ ተራ ሰው ባሪየም የተባለውን በኤክስሬይ የሚታይ ፈሳሽ ጠጥተው ሆት ዶግ ሲበሉ በኤክስሬይ ተከታተሏቸው። ተራው ሰው ሰባት በልቶ አንድ ጉርሻ ብጨምር አስመልሳለሁ አለ። ባለሙያው በ10 ደቂቃ 36 በላ፣ ያቆመውም ሐኪሞቹ ይበቃል ስላሉት ነው፤ ጠገብኩ አላለም። ጨጓራው ተወጥሮ የሆዱን የላይኛውን ክፍል በሞላ ይዞታል። ዋናው ግኝት ግን መስፋቱ ብቻ አልነበረም። ምግብን ፈጭቶ ወደ አንጀት የሚገፋው የጨጓራ መኮማተር እሱ ላይ በጣም ደካማ ነበር። ሐኪሞቹ የሰጉትም እዚህ ላይ ነው፦ ለዓመታት እንዲህ የተለጠጠ ጨጓራ ተመልሶ መኮማተር ሊያቅተው ይችላል። ያን ጊዜ የሚከተለው የማያቋርጥ ማቅለሽለሽና ማስመለስ፣ ወይም ጥጋብ ባለመሰማቱ ከመጠን በላይ መወፈር ነው።

ኮባያሺ በ2024 ከውድድር መውጣቱን ሲያስታውቅ ረሃብም ጥጋብም እንደማይሰማው ተናግሯል። ማዕዶት፣ ዝግጅትሽ ውስጥ ይህን ብትተዪው ታሪኩ ይጎድላል። ረሃብን እኛ እንደ ችግር ብቻ እናየዋለን እንጂ ሰውነት የሚናገርበት አንደበት ነው። የሁለት ወሩን ጾም ጨርሶ በፋሲካ ሌሊት ዶሮ ወጡ ላይ የተቀመጠ ሰው እንኳ ከጥቂት ጉርሻ በኋላ ሆዱ «በቃህ» ይለዋል፤ ያን ድምፅ ማጣት ቀላል ጉዳት አይደለም።

ወፍራም ሰው ይበልጣል የሚለውም ትክክል አይደለም። ኮባያሺ 50ውን ሲበላ 58 ኪሎ ገደማ ነበር። ሌላዋ ተወዳዳሪ ሶንያ ቶማስ 45 ኪሎ አካባቢ ሆና በ2012 በ10 ደቂቃ 45 በልታለች። ሆድ ዙሪያ ያለ ስብ ጨጓራው ወደ ውጭ እንዳይለጠጥ ይይዘዋል ተብሎ ይታመናል፤ ስለዚህ ብዙዎቹ ሻምፒዮኖች ክብደታቸውን ይጠብቃሉ። አንድ የናታንስ ሆት ዶግ ከነዳቦው 100 ግራምና 290 ካሎሪ አካባቢ ነው። 76ቱ ሲደመሩ ሰባት ኪሎ ተኩልና 22,000 ካሎሪ ይሆናሉ፤ አንድ ጎልማሳ በአሥር ቀን የሚበላውን ያህል ማለት ነው። ጨው ደግሞ ከካሎሪው ይበልጥ ያሳስባል፣ ውሃ ጥምና እብጠት ያመጣልና።

ማዕዶት፦

ሲስተር፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ጌች፣ አንተንም አመሰግናለሁ። አሁን የቀረኝ የሕይወት ታሪኩ ነው። ስድስት ጊዜ ያሸነፈ ሰው ለምን ከመድረኩ ጠፋ? ገንዘቡስ ስንት ነው?

ቢኒ_ሲያትል፦

ልሞክር። ኮባያሺ በ1978 ናጋኖ፣ ጃፓን ተወለደ። በጃፓን የመብላት ውድድር የቴሌቪዥን ዝግጅት ነው፤ እሱም የጀመረው በአራት ዙር የሚካሄድ አንድ ውድድር ላይ ነው። ሌሎቹ በመጀመሪያዎቹ ዙሮች አንደኛ ለመውጣት ሲጋደሉ እሱ ለማለፍ የሚበቃውን ብቻ በላ፣ በመጨረሻው ዙር ባዶ ቦታ የቀረለት እሱ ነበር። 2001 ላይ ኮኒ አይላንድ መጣ። ከዚያ እስከ 2006 ድረስ በተከታታይ ስድስት ዓመት አሸነፈ፤ በ2006 ውጤቱ 53.75 ደርሶ ነበር።

2007 ላይ ሁለት ነገር ተገናኘበት። ውድድሩ ሊደርስ ሲል የመንጋጋ መገጣጠሚያው ታመመ፤ አፉን የሚከፍተው በጣት ስፋት ያህል ብቻ መሆኑን ገለጸ። ያም ሆኖ ቀርቦ 63 በላ፣ የራሱን የቀድሞ ውጤት በዘጠኝ አለፈ። ተሸነፈ ግን። ቼስትነት 66 በልቷል። ቼስትነት ያደገው ቫሌሆ፣ ካሊፎርኒያ ነው፤ ሳን ሆዜ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ሲማር በ2005 አስፓራገስ የተባለው አትክልት ተጠብሶ በሚበላበት ውድድር ላይ ብቅ ብሎ ታወቀ። በ2008 ጊዜው ከ12 ወደ 10 ደቂቃ ተቀነሰ፤ ሁለቱም 59 ላይ እኩል ሆኑ። ተጨማሪ አምስት አምስት ሆት ዶግ ተሰጣቸውና ቼስትነት ቀድሞ ጨረሰ። በ2009 68 ለ64.5። ማዕዶት፣ እነዚህን ሦስት ዓመታት ጠበቅ አድርገሽ ብታቀርቢያቸው ጥሩ ነው፤ ስፖርቱ ከፍ ያለው ሁለቱ ሲገፋፉ ነው።

የጠፋው በውል ነው። ውድድሩን የሚያስተዳድረው ሜጀር ሊግ ኢቲንግ የተባለው ድርጅት ተወዳዳሪዎቹ በሌላ አዘጋጅ መድረክ ላይ እንዳይቀርቡ የሚያስር ውል ያስፈርማል። ኮባያሺ በ2010 አልፈርምም አለ። ጁላይ 4 ላይ በተመልካችነት መጣ፤ ውድድሩ እንዳለቀ መድረኩ ላይ ሲወጣ ፖሊስ ያዘው፣ አንድ ሌሊት ታስሮ አደረ፣ ክሱም ኋላ ተዘጋ። በ2011 ማንሃተን ውስጥ አንድ ሕንፃ ጣሪያ ላይ ሆኖ የኮኒ አይላንዱን ሰዓት ተከትሎ 69 በላ። በዚያን ቀን ቼስትነት የበላው 62 ነው። ድርጅቱ የጣሪያውን ውጤት አልመዘገበውም። በእኔ እምነት የተበደለው ኮባያሺ ነው። ስፖርቱን ለዓለም ያስተዋወቀን ሰው ሌላ ቦታ በልተሃል ብሎ መዝጋት ተገቢ አልነበረም።

ያው ነገር በ2024 ቼስትነት ላይ ደረሰ። ከዕፅዋት የሚሠራ ቋሊማ ከሚሸጠው ኢምፖሲብል ፉድስ ጋር ሲዋዋል ለናታንስ ተቀናቃኝ ነው ተብሎ ከመድረኩ ቀረ፤ የዚያ ዓመት አሸናፊ ፓትሪክ ቤርቶሌቲ ሆነ፣ በ58። ቼስትነት በ2025 ተመልሶ 70 ተኩል በልቶ 17ኛ ድሉን ወሰደ። ከ2007 ድሉ ወዲህ እስከዚያ ድረስ ጁላይ 4 ላይ ተሰልፎ የተሸነፈው 2015 ላይ በማት ስቶኒ፣ 62 ለ60፣ ብቻ ነበር፤ ከ2007 በፊት ግን በ2005 ሦስተኛ፣ በ2006 ሁለተኛ ወጥቷል።

ገንዘቡ ከሚታሰበው ያነሰ ነው። የናታንስ አንደኛ ሽልማት 10,000 ዶላርና የሰናፍጭ ቀለም ያለው ቀበቶ ነው። ሴቶች ከ2011 ጀምሮ ለብቻቸው ይወዳደራሉ፣ ለአንደኛዋም ያው 10,000 ነው፤ ሚኪ ሱዶ እስከ 2025 አሥራ አንድ ጊዜ ወስዳዋለች፣ የ2024ቱ 51ዷም የሴቶች ክብረ ወሰን ነው። በዚህ ብቻ የሚኖር ሰው በዓመት ውስጥ የዶሮ ክንፍ፣ የእንቁላል፣ የፓይ ውድድር እያለ ከከተማ ከተማ ይዞራል፤ ዳጎስ ያለው ገቢ ግን ከማስታወቂያና ከዩቲዩብ ነው። ስለዚህ ነው የውሉ ጉዳይ እንዲህ የሚያጣላቸው። አንድ ተወዳዳሪ ስሙን ለማን ይሸጣል የሚለው ከሽልማቱ ይበልጣልና።

ራሄል_ሐ፦

ሁላችሁም አስተምራችሁናል። አንድ ጥያቄ ለሲስተር፦ ልጆች ይህን እያዩ ቲክቶክ ላይ በሰዓት መብላት ጀምረዋል። ሆድ ለማስፋት ብዙ ውሃ በአንድ ጊዜ ይጠጣል ሲባልም ሰምቻለሁ። ይህ ምን ያህል ያሰጋል?

ሲስተር ትርሲት፦

ራሄል፣ በጣም ያሰጋል። የውሃው ከምግቡ ይከፋል። ጤነኛ ኩላሊት በሰዓት ከአንድ ሊትር ያልበለጠ ውሃ ነው የሚያስወጣው። ከዚያ በላይ በአንድ ጊዜ ሲገባ በደም ውስጥ ያለው ሶዲየም ይቀጥናል፣ ውሃው ወደ አንጎል ሴሎች ይገባል፣ አንጎል ያብጣል። ምልክቱ ራስ ምታት፣ ማስመለስ፣ ግራ መጋባት፣ ቀጥሎ መንቀጥቀጥ ነው። በ2007 ሳክራሜንቶ፣ ካሊፎርኒያ ውስጥ አንድ ሬዲዮ ጣቢያ ባዘጋጀው የውሃ መጠጣት ውድድር የተካፈለች የ28 ዓመት እናት በዚሁ ሞታለች። ራስ ምታት ሲጀምራት እንደ ድካም ነበር የተቆጠረው። ባለሙያዎቹን የሚያስተዳድረው ድርጅት ራሱ ቤት ውስጥ አትለማመዱ ነው የሚለው።

ከውሃው ቀጥሎ ገዳዩ ትንታ ነው። ስንውጥ የአየር ቧንቧው ይዘጋል፤ ስንተነፍስ ይከፈታል። በፍጥነት የሚበላ ሰው እየዋጠ ይተነፍሳል፣ ይስቃል፣ ለካሜራ ይናገራል። በ2002 ጃፓን ውስጥ አንድ የ14 ዓመት ተማሪ ምሳ ሰዓት ላይ ከጓደኞቹ ጋር ዳቦ በፍጥነት ሲበላ ታንቆ ሞተ፤ የጃፓን ቴሌቪዥኖች የፈጣን መብላት ዝግጅቶቻቸውን የተዉት ከዚያ በኋላ ነው። በ2017 ደግሞ ኮነቲከት ውስጥ አንዲት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ በፓንኬክ መብላት ውድድር ላይ ታንቃ ሞታለች። ውሃ ውስጥ የተነከረ ዳቦ ከደረቅ ዳቦ ይከፋል፤ እንደ ሊጥ ሆኖ ቧንቧውን ስለሚደፍነው በቀላሉ አይወጣም።

አጠገባችሁ ሰው ከታነቀ እንዲህ አድርጉ። እየሳለ ከሆነ አትንኩት፣ ሳል ይስል፤ ውሃም አታጠጡት። መሳልና መናገር ካቃተው፣ አንገቱን ከያዘ፣ ከንፈሩ ከጠቆረ ወደ ፊት አጎንብሱት። በእጅ መዳፍ ሥር በሁለቱ ትከሻ አጥንቶች መካከል አምስት ጊዜ አጥብቃችሁ ምቱት። ካልወጣ ከኋላ ቁሙና አንድ እጃችሁን ጨብጣችሁ ከእምብርቱ ከፍ፣ ከደረቱ አጥንት ዝቅ አድርጋችሁ አስቀምጡ፣ በሌላው እጅ ያዙት፣ ወደ ውስጥና ወደ ላይ አምስት ጊዜ ሳቡ። ሁለቱን እያፈራረቃችሁ ቀጥሉ። ለነፍሰ ጡርና በጣም ወፍራም ለሆነ ሰው እጃችሁ ሆድ ላይ ሳይሆን ደረት አጥንት ላይ ይሁን። ራሱን ከሳተ መሬት ላይ አስተኙት፣ አምቡላንስ ይጠራ፣ የልብና የሳንባ ማነቃቂያ ይጀመር። የማይታይን ነገር በጣት ለማውጣት አትሞክሩ፤ ይባስ ወደ ውስጥ ይገፋል።

ማዕዶት፦

ይህን ክፍል ሙሉውን አስገባዋለሁ። የመጨረሻ ጥያቄ፦ አንዳንዱ ቦታ ክብረ ወሰኑ 76 ነው ይላል፣ ሌላው 83። የቱን ልበል? ውድድሩ በ1916 ተጀመረ የሚለውስ?

ጌች_ኦክላንድ፦

ሁለቱንም ለያይተሽ በዪ። የናታንስ ክብረ ወሰን የ2021ዱ 76 ነው። 83ቱ ኔትፍሊክስ በ2024 ሴፕቴምበር 2 ላስ ቬጋስ ላይ ቼስትነትንና ኮባያሺን ፊት ለፊት ያገናኘበት ነው። ጊዜው ያው 10 ደቂቃ ነው፣ ደንቡ ግን ሌላ ነው፦ ዳቦ መንከር ክልክል፣ ቋሊማውን ከዳቦው መለየትም ክልክል። ማለትም ኮባያሺ የፈጠራቸው ሁለቱ ዋና ዘዴዎች ከሜዳ ወጡ። ቼስትነት 83፣ ከውድድር መውጣቱን አስታውቆ የነበረው ኮባያሺ በ46 ዓመቱ 66 በሉ። ለኮባያሺም ቢሆን 66ቱ ከሻምፒዮንነት ዘመኑ ውጤቶች ሁሉ ይበልጣል።

እዚህ ላይ ለሲስተር እጄን እሰጣለሁ፤ ያለ መንከር 83 ከተበላ በዚህ ደረጃ ላይ ጉሮሮና ጨጓራው ከዘዴው ይበልጣል ማለት ነው። አንድ የሚገርም ነገር ልጨምር። ጄምስ ስሞሊጋ የተባሉ ተመራማሪ የ39 ዓመት የናታንስ ውጤቶችን ተንትነው በ2020 ባሳተሙት ጥናት የሰው ልጅ በ10 ደቂቃ ሊደርስበት የሚችለውን ጣሪያ ገምተው ነበር። የሰጡት ቁጥር 83 ነው።

1916ን አትበዪ። አራት ስደተኞች በአገር ፍቅር ተከራክረው ጀመሩት የሚለው ተረት የማስታወቂያ ሠራተኞች ፈጠራ ነው፤ ከፈጠሩት አንዱ ሞርቲመር ማትዝ በ2010 ራሳቸው ተናግረዋል። የተመዘገበው ውድድር ከ1972 ወዲህ ያለው ነው።

ቢኒ_ሲያትል፦

ጌች ካለው ላይ አንድ ጥንቃቄ፦ ማዕዶት፣ የዘንድሮውን ውጤት በቀጥታ ስርጭት የምትከታተዪ ከሆነ ስክሪኑ ላይ የሚታየውን ቁጥር ወዲያው አትዘግቢ። ሰዓቱ ሲያልቅ አፍ ውስጥ የገባ ምግብ ተውጦ ካለቀ ይቆጠራል፣ ፍርፋሪው በስምንተኛ ክፍልፋይ ይቀነሳል፣ ያስመለሰ ሰው ከውድድሩ ይሰረዛል። ከሁሉም በላይ ደግሞ ሆት ዶጉ የሚቀርበው አምስት አምስት በሳህን ስለሆነ ትክክለኛው ቆጠራ የባዶ ሳህኖቹ ነው። በ2018 ለቼስትነት መጀመሪያ የተነገረው 64 ነበር። ሳህኖቹ እንደገና ሲቆጠሩ ያልተመዘገቡ ሁለት ተገኙና ውጤቱ 74 ሆነ፤ የዚያን ጊዜ አዲስ ክብረ ወሰን።